ከሥራ ስለ ተሰናበተ ሰውና ስለ ይግባኝ መብቱ
(በማኅበራችን የማታ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)




ዛሬ ማታ በፊታችሁ የቆምነው ባላወቅነው ነገር ገብተን አንድ ሰው ስለ በደልን ነው። ስሕተታችንን በግልጽ ተናግረን፥ ሌላው እንዳይደግመው ለማሳሰብ እንፈልጋለን። ስለዚህ ንግግራችን ግማሹ ኑዛዜ፥ ግማሹ ደግሞ ከኑዛዜው በኋላ መጻሕፍት ገልጠን ያገኘነው ትምህርት ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከእኛ ጋር በአንድ መኝታ ቤት የሚኖር አንድ ወንድማችን አለ። አባቱ በአንድ የዱቄት ፋብሪካ የግምጃ ቤት ሠራተኛ ነበሩ። ብዙ ዓመት ካገለገሉ በኋላ፥ በኅዳር ወር በተደረገ ቆጠራ ጥቂት ጆንያ ዱቄት ጎደለ ተባለ። የቆጠራው ውጤት በዚያው ወር ለሥራ አስኪያጁ ቀረበ። የስንብቱ ደብዳቤ ግን የተጻፈው በየካቲት ወር አጋማሽ ነው። አባትየው ፍርድ ቤት ሄደው ከሰሱ፤ ተረቱም። ፍርዱ በተነበበ በስድስተኛው ቀን ግልባጩን በልጃቸው እጅ ላኩልንና «ልጆቼ፥ እናንተ የተማራችሁ ናችሁና አንብባችሁ ምከሩኝ» አሉን።

እኛም አነበብን፤ አንብበንም ተከራከርን። ሳምንታት ሙሉ፥ በምግብ ቤቱ ሰልፍ ላይ ሳይቀር፥ የተከራከርነው «ወስደዋል ወይስ አልወሰዱም?» በሚለው ጥያቄ ነበር። ግማሾቻችን «እሳቸውን እናውቃቸዋለን፤ እንዲህ ያለ ነገር አያደርጉም» አልን። ግማሾቻችን ደግሞ «ፍርድ ቤት ከፈረደ በኋላ ምን ይባላል?» አልን። መካከሉ ላይ ፈተና መጣ፤ ነገሩንም ለጥቂት ጊዜ አቆየነው። በመጨረሻ አንድ ጠበቃ ዘንድ ስንሄድ የጠበቃው የመጀመሪያ ጥያቄ ስለ ዱቄቱ አልነበረም። «ፍርዱ የተሰጠው በስንተኛው ቀን ነው?» አሉን። ቆጠርን፤ አርባ አንድ ቀን ሆኖታል። የይግባኙ ጊዜ ሠላሳ ቀን ነበር።

ሁለተኛው ጥያቄያቸው «ቆጠራው መቼ ነው? ደብዳቤውስ መቼ ነው?» የሚል ነበር። ነገርናቸው። «ታዲያ ይህን በክሱ ላይ ጽፈውታል?» አሉ። ገልጠን ብናይ፥ ክሱን ያዘጋጀላቸው ራፖር ጸሐፊ በአንድ መስመር «ከሥራ የተሰናበትኩት ሕግ የወሰነው ጊዜ ካለፈ በኋላ ነው» ብሎ ጽፎታል። በፍርዱ ላይ ግን ስለዚህ መስመር አንዲት ቃል አልተጻፈችም። ጠበቃው ግልባጩን አጥፈው መለሱልን። ይግባኙ ሊቆምበት ይችል የነበረው መሠረት በዚያ መስመር ላይ ነበረ። እኛ ያን ያህል ስንከራከር አላየነውም።

ከዚያ ወዲያ አባትየው «ጊዜው ያለፈብኝ ባለማወቄ ነው፤ ይፈቀድልኝ» ብለው አመለከቱ። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችን በበቂ ምክንያት ለዘገየ ሰው የማስፈቀጃ በር ይከፍታል። ነገር ግን ሕግን አለማወቅ ወይም መካሪ ያጠፋው ጥፋት እንደዚህ ላለ ምክንያት አይበቃም። ማመልከቻቸው ተቀባይነት አጣ። ስለዚህ ዛሬ የምንናገረው ይኸን በዐይናችን ካየን በኋላ ነው።

በመጀመሪያ ስለ ይግባኝ ራሱ ጥቂት እንበል። በአገራችን «የተጠማ ከፈሳሽ፥ የተበደለ ከነጋሽ» ይባላል። የበታች ዳኛ የፈረደበት ሰው ወደ በላይ ዳኛ መጮኹ በእኛ ዘንድ የቆየ ልማድ ነው። ጉዳዩም እየተነሣ እስከ ንጉሡ ችሎት ድረስ ይደርስ እንደ ነበር ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ይሁን እንጂ ዛሬ በከተማው በሚኖረው ሠራተኛ ዘንድ፥ በእኛም በተማሪዎቹ ዘንድ፥ ይግባኝ ማለት ዳኛን መዳፈር፥ ወይም ተረትቶ አልረታም ማለት የሆነ የሚመስላቸው ብዙዎች ናቸው። ይህ አስተሳሰብ ልክ አይደለም። ሕጉ የይግባኝን በር የከፈተው ዳኛም ሰው ስለ ሆነ፥ ሰውም ሊሳሳት ስለሚችል ነው። ይግባኝ ባዩ ዳኛውን አይሰድብም፤ ሥራው እንዲመረመርለት ይለምናል እንጂ።

አሁን ደግሞ በሕግ ትምህርት ቤት በብዙ አገር ተማሪዎች ዘንድ የሚጠና አንድ የታወቀ ነገር እናቅርብ። በዚህ ክፍል የምንጠቅሰው ዘመን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

በእንግሊዝ አገር ብራይተን በምትባል በባሕር ዳር ያለች ከተማ ሚስተር ቻርልስ ሪጅ የሚባሉ የፖሊስ አዛዥ ነበሩ። በከተማው ፖሊስ ውስጥ ማገልገል የጀመሩት በ1925 ነው። በ1957 ከሌሎች ሰዎች ጋር የፍትሕን ሥራ ለማሰናከል ተስማምተዋል ተብለው ተከሰሱ። በየካቲት 1958 ሁለት የበታች መኰንኖች ሲፈረድባቸው እሳቸው ነጻ ወጡ። ይሁን እንጂ ዳኛው አዛዡ ለበታቾቻቸው መልካም መሪ አልሆኑም የሚል ብርቱ ወቀሳ ተናገሩ። በማርች 6 ቀን ደግሞ ሁለተኛ የጉቦ ክስ ቀርቦባቸው፥ ከሳሽ ምንም ማስረጃ ስላላቀረበ በነጻ ተለቀቁ።

በማግሥቱ፥ በማርች 7 ቀን፥ ፖሊሱን የሚቆጣጠረው የከተማው ኮሚቴ ተሰበሰበና አዛዡን ከሥራ አሰናበተ። አልጠራቸውም። የተከሰሱበትን ነጥብ በጽሑፍ አልነገራቸውም። መልስም አልጠየቃቸውም። ለፖሊስ የወጣው የ1952 የዲሲፕሊን ደንብ ግን ክሱ ተጽፎ እንዲሰጥና ምርመራ እንዲደረግ ያዝ ነበር። ከአሥራ አንድ ቀን በኋላ ጠበቃቸው ኮሚቴው ፊት ቀርበው እንዲናገሩ ተፈቀደላቸው፤ ኮሚቴውም በዘጠኝ ድምፅ በሦስት ላይ የቀድሞውን ውሳኔ አጸና። ለአገር ግዛት ሚኒስትሩ ያቀረቡት አቤቱታም ውድቅ ሆነ። ስንብቱ ከሥራ ማጣት በላይ ነበር፤ የጡረታ መብታቸውን ይዞባቸው ሄደ።

ሚስተር ሪጅ ፍርድ ቤት ከሰሱ፤ ተረቱ። ይግባኝ አሉ፤ በይግባኝ ፍርድ ቤትም ተረቱ። እዚህ ላይ እኛ ብንሆን ምን እንል ነበር? «ኮሚቴው ሁለት ጊዜ፥ ሚኒስትሩ አንድ ጊዜ፥ ፍርድ ቤት ሁለት ጊዜ ወስኗል፤ ይብቃዎት» ባልን ነበር። እሳቸው ግን በዚያን ጊዜ የመጨረሻው ይግባኝ ሰሚ ወደ ነበረው ወደ ሎርዶች ምክር ቤት ሄዱ። በማርች 14 ቀን 1963፥ ከተሰናበቱ ከአምስት ዓመት በኋላ፥ አምስት ሎርዶች ተቀምጠው አራቱ ለሳቸው፥ አንዱ በሳቸው ላይ ፈረዱ። ስንብቱ እንዳልተደረገ ይቆጠራል ተባለ። ምክንያቱም ሰውየው ሳይሰማ ስለ ተወሰነ ነው።

ልብ በሉ፤ ሎርዶቹ «ሚስተር ሪጅ መልካም አዛዥ ነበሩ» አላሉም። እሳቸውም ወደ ወንበራቸው ልመለስ አላሉም፤ የፈለጉት በፈቃዳቸው ለቀው የጡረታ መብታቸውን ለመጠበቅ ነበር። ፍርዱ የቆመው ሌላ ነገር ላይ ነው። ጥፋቱ ምንም ያህል የታወቀ ቢመስል፥ «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» እንደሚባለው፥ የወሳኙ ችኮላ ውሳኔውን ሊያፈርሰው ይችላል። ይህንንም ስናነብ የራሳችን ነገር ትዝ አለንና አፈርን። እኛ ሁልጊዜ «ወስደዋልን?» ብለን ስንጠይቅ፥ «የተወሰነባቸውስ በአግባቡ ነውን?» ብለን አልጠየቅንም።

ነገር ግን እውነቱን ሳንሸፍን እንናገር። ከሎርዶቹ አንዱ፥ ሎርድ ሪድ፥ በዚያው ፍርድ ላይ ስንብትን በሦስት ዐይነት ከፍለው አይተዋል። አንደኛው በተራ ጌታና በአገልጋይ መካከል ያለው ነው፤ ሁለተኛው ሿሚው ደስ ባለው ጊዜ ሊሽረው የሚችለው ሹም ነው፤ ሦስተኛው ያለ በቂ ምክንያት የማይሻር ሹም ነው። ሳይሰማ አይሰናበት የተባለው ለሦስተኛው ነው። በፋብሪካ የሚሠራ ተራ ሠራተኛ በዚያ በእንግሊዝ የቆየ ሕግ መሠረት ውሉ ፈርሶበት ከሆነ ካሣ ይጠይቃል እንጂ «አልሰማችሁኝም፤ ስለዚህ ስንብቱ ፈርሷል» ለማለት አይችልም ነበር። ያለ አግባብ መሰናበትን የሚከለክል ሕግ በእንግሊዝ የወጣው በ1971 ነው። እንግዲህ የፖሊስ አዛዡን ያዳነው መርሕ የዱቄት ግምጃ ቤት ሠራተኛውን አያድነውም ነበር ማለት ነው። እንደዚህ ላለው ሰው የሚያስፈልገው በግልጽ የተጻፈ የሥራ ሕግ ነው።

የእኛ ሕግስ ምን ይላል? የሚያስገርመው፥ የብራይተኑ ፍርድ በተሰጠበት በዚያው በ1963 በአገራችን ስለ ሥራ ግንኙነት አዋጅ ቁጥር 210 ታወጀ። ከዚያ ወዲህ በእኛ አቆጣጠር በ1968፥ በ1985፥ በ1996 እና በ2011 ዓ.ም. አዋጆች ተተካክተዋል። ዛሬ የሚሠራበት አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። ይህ አዋጅ በግል ድርጅትና በልማት ድርጅት ያለውን ሠራተኛ ይመለከታል። የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሠራተኞች፥ ከእነርሱም ጋር መምህሮቻችን፥ በሌላ ሕግ ስለሚተዳደሩ የእነርሱን መንገድ ዛሬ አናነሣም።

ከዚህ አዋጅ አንቀጽ 27ን ብቻ እንመልከት። አሠሪው ያለ ማስጠንቀቂያ ሊያሰናብት የሚችልባቸው ምክንያቶች ተዘርዝረዋል። ከእነዚህም መካከል ማታለል፥ የአሠሪውን ንብረት ለራስ ጥቅም ማዋል፥ በሥራ ቦታ ጠብ ማንሣት፥ በጽሑፍ እየተነገሩ ደጋግሞ መዘግየትና መቅረት ይገኛሉ። ነገር ግን ከዝርዝሩ በታች ብዙ ሰው የማያነባቸው ሁለት ንኡሳን አንቀጾች አሉ። አንደኛው፥ አሠሪው የስንብቱን ምክንያትና ስንብቱ የሚጸናበትን ቀን በጽሑፍ እንዲገልጽ ያዛል። ሁለተኛው፥ አሠሪው ምክንያቱን ካወቀበት ቀን ጀምሮ በሠላሳ የሥራ ቀናት ውስጥ ካላሰናበተ መብቱ እንደሚቀር ይደነግጋል። ሕጉ እንዲህ ያለው በቂ ምክንያት ስላለው ነው። ጥፋትን አውቆ ዝም ያለ አሠሪ በሠራተኛው ራስ ላይ የተመዘዘ ሰይፍ ይዞ ዓመት ሙሉ እንዲቆም አይገባም። ከኅዳር እስከ የካቲት አጋማሽ ስንት የሥራ ቀን እንዳለ እናንተው ቍጠሩት።

ስለ መንገዱም እንናገር። በአዲስ አበባ እንዲህ ያለውን ክርክር በመጀመሪያ የሚያየው የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ነው። ወደ ሥራዬ ልመለስ የሚል ሰው በተሰናበተ በሦስት ወር ውስጥ ካልከሰሰ መብቱ በይርጋ ይታገዳል። ችሎቱ ክሱ በቀረበ በስድሳ ቀን ውስጥ እንዲወስን ሕጉ ያዘዋል። በውሳኔው ቅር ያለው ወገን በሠላሳ ቀን ውስጥ ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል። በሌላው የፍትሐ ብሔር ክርክር የይግባኙ ጊዜ ስድሳ ቀን ነው። ብዙ ሰው የሚሳሳተውም ይህን ከዚያ ጋር ስለሚያምታታ ነው። ይግባኝ ሰሚው የሰጠው ውሳኔ የመጨረሻ ነው። ከዚያ ወዲያ የሚቀረው ሰበር ሰሚው ችሎት ነው። እዚያም «ማስረጃው እንደ ገና ይመዘንልኝ» አይባልም፤ መሠረታዊ የሕግ ስሕተት መኖሩ ብቻ ይታያል።

የይግባኝ ማመልከቻ እንዴት ይጻፋል? ከጠበቃው የተማርነውን በአራት ነጥብ እናስቀምጠው።

አንደኛ፥ ቅሬታው በፍርዱ ላይ ይሁን። ብዙ ሰው የሚጽፈው የሕይወት ታሪኩን ነው፤ ስንት ዓመት እንዳገለገለ፥ ስንት ልጅ እንዳለው፥ አለቃው እንዴት እንደ ጠላው። ይህ ሁሉ እውነት ሊሆን ይችላል። ነገር ግን ይግባኝ ሰሚው ዳኛ የሚፈልገው «የሥር ፍርድ ቤት እዚህ ላይ ተሳስቷል» የሚለውን ነው።

ሁለተኛ፥ ዝም የተባለውን ነገር ፈልጉ። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ፍርድ የሚወሰነውን ነጥብ፥ ውሳኔውንና የውሳኔውን ምክንያት እንዲይዝ ያዛል። ስለዚህ የተነሣ ክርክር መልስ ካልተሰጠው ይህ ራሱ ታላቅ ቅሬታ ነው። ፍርድን ስታነቡ የተጻፈውን ብቻ ሳይሆን መጻፍ ሲገባው ያልተጻፈውንም አንብቡ።

ሦስተኛ፥ በሥር ፍርድ ቤት ያልተነሣ አዲስ ነገር በይግባኝ አይነሣም። ስለዚህ የይግባኙ ሥራ የሚጀምረው ክሱ በሚጻፍበት ቀን ነው። ያ ራፖር ጸሐፊ በአንድ መስመር የጻፋት ነገር ከእኛ የሳምንታት ክርክር ትበልጥ ነበር የምንለው በዚህ ምክንያት ነው።

አራተኛ፥ ማመልከቻው አጭርና ግልጽ ይሁን። ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ቅሬታው የማያስቀርብ ሆኖ ካገኘው መልስ ሰጭውን ሳይጠራ መዝገቡን ሊዘጋው ይችላል። ዋናው ነገር በመጨረሻው ገጽ ከተደበቀ እንደሌለ ነው።

ወንድሞችና እኅቶች፤ አሠሪዎችን ለመውቀስ ብቻ የመጣን እንዳይመስላችሁ። አሠሪውም ቢረታ ይግባኝ የማለት መብት አለው። በግምጃ ቤት ያለ ንብረት እንዲጠበቅ መፈለጉም ተገቢ ነው። ሠራተኛውም ጥፋት እንዳለበት እያወቀ ጊዜ ለመግዛት ብቻ ይግባኝ የሚልበት ጊዜ አለ። እንዲህ ያለው ሰው ግን ይበልጥ የሚጐዳው ራሱን ነው። ሠራተኛው ወደ ሥራው እንዲመለስ የተፈረደለት እንደ ሆነ የሚከፈለው ውዝፍ ደመወዝ በመጀመሪያው ፍርድ ከስድስት ወር፥ በይግባኝ ሲጸና ደግሞ ከአንድ ዓመት እንዳይበልጥ ሕጉ ወስኖታል። ክርክሩ ሁለትና ሦስት ዓመት ቢፈጅ የቀረው ጊዜ ኪሣራው የሠራተኛው ነው። ስለዚህ ይግባኝ ለብልኅ ሰው መድኃኒት ነው፤ ለእልኸኛ ግን ዕዳ ይሆናል። አንዱን ከሌላው የሚለየው ሰው ደግሞ ግልባጩን ቀድሞ በጥንቃቄ ያነበበ ሰው ነው።

ይህን ሁሉ ለእናንተ የምንናገርበት ምክንያት አለን። ከእናንተ መካከል አንዳንዶቹ ነገ አሠሪዎች፥ ሥራ አስኪያጆች፥ የዲሲፕሊን ኮሚቴ ሰብሳቢዎች ትሆናላችሁ። በዚያን ጊዜ የብራይተንን ኮሚቴ አስታውሱ። ሰውየውን ጠርቶ መስማት የሚፈጀው አንድ ከሰዓት በኋላ ነው፤ አለመስማት ግን አምስት ዓመት ፈጀ። የሚበልጡት ግን ተቀጣሪዎች ትሆናላችሁ። ሁላችሁም ደግሞ ዛሬውኑ፥ በየሰፈራችሁና በየዘመዶቻችሁ ዘንድ፥ «የተማረው ልጅ» ናችሁ። ወረቀት የያዘ ሰው መጀመሪያ የሚመጣው ወደ እናንተ ነው። ይህ ክብር ነው፤ ከክብሩ ጋር ግን ኀላፊነት አለበት። እኛ ክብሩን ተቀብለን ኀላፊነቱን ረሳን።

ስለዚህ ለማኅበራችን አንድ ሐሳብ እናቀርባለን። ማንም ሰው የፍርድ ግልባጭ ወይም የስንብት ደብዳቤ ይዞ ወደ አንዳችን ቢመጣ፥ ሌላውን ነገር ከመጠየቃችን በፊት የተጻፈበትን ቀን አንብበን በትልቁ እንጻፈው። የመጨረሻውንም ቀን ቈጥረን ከጎኑ እናስፍረው። በዚያው ሳምንት የሕግ መምህር ወይም ጠበቃ እንዲያየው እናድርግ። ከዚያ በኋላ ክርክር ከፈለግን ሌሊቱን ሙሉ እንከራከር። የሕግ መምህሮቻችንም በሳምንት አንድ ሰዓት ቢሰጡን፥ የዚህን ማኅበር ጠረጴዛና ሁለት ወንበር ለዚህ ሥራ ለማዋል ዝግጁ ነን።

አባትየው ዛሬ በሰፈራቸው የሰው ሱቅ በሌሊት ይጠብቃሉ። ማመልከቻቸው ውድቅ በሆነ በማግሥቱ ልንጠይቃቸው ሄደን ነበር። ምን እንደምንላቸው አናውቅም ነበርና ዝም ብለን ተቀመጥን። ቡና አስፈሉልንና «ደግ ነው ልጆቼ፤ ደክማችሁልኛል» አሉን። አልወቀሱንም። ቢወቅሱን ይቀለን ነበር። ይህን ንግግር ያዘጋጀነውም ከዚያ ቤት ስንመለስ በመንገድ ላይ ነው።